«አፈሩን ገለባ ያድርግለት»፦ ትርጉሙና መነሻው

በሰሜን ሸዋ ከቀብር የተመለሰ ሐዘንተኛ ስለ ሟቹ ሲያወራ «አፈሩን ገለባ ያድርግለት» ሳይል አያልፍም። ዓመታት ካለፉም በኋላ ቢሆን «አያቴ፣ አፈሩን ገለባ ያድርግላቸውና፣ እንዲህ ይሉ ነበር» እየተባለ በወሬ መካከል ጣል ይደረጋል። እግዚአብሔር የተጫነውን አፈር ያቅልልለት ማለት ነው።

ምሳሌው የተወሰደው ከአውድማ ነው። መንዝ ላይ ገብሱ ተወቅቶ በመንሽና በላይዳ ለነፋስ ሲሰጥ ፍሬው እዚያው ይወድቃል፤ ገለባው ግን በንኖ የባለቤቱን ፀጉርና ቅንድብ ያለብሳል፣ ክብደቱም አይታወቀውም። ጥጥ ወይም ላባ ያልተባለው፣ ምርቃቱ የገበሬ ምርቃት ስለሆነ ይመስለኛል።

አባባሉ ውስጥ የተደበቀው ሐሳብ ግን ከአውድማውም የሚያረጅ ነው። ካህኑ «አፈር ነህና ወደ አፈር ትመለሳለህ» የሚለውን ቃል ሲያነብ፣ ሕዝቡ በበኩሉ ሥጋው ከአፈሩ ሥር ሆኖ ክብደት እንደሚሰማው አድርጎ ይሳሳለታል። በኬንያ ጠረፍ አቅራቢያ በፓንጋ ያ ሳይዲ ዋሻ የተገኘው፣ ከ78,000 ዓመት በፊት የተቀበረ የሦስት ዓመት ገደማ ሕፃን፣ ጉልበቱ ወደ ደረቱ ታጥፎ በቀኝ ጎኑ ተኝቶ ነበር፤ የአጥንቱ አቀማመጥ እንደሚያሳየው ገላው ተጠቅልሎ፣ ራሱም በኋላ በስብሶ የጠፋ መደገፊያ ላይ ሳያርፍ አልቀረም። ስለ ነፍስ ምን ያምኑ እንደነበር ከዚህ ተነሥቶ መናገር ድፍረት ነው፤ ለማይነቃ ልጅ ትራስ ያደረገ ሰው ግን ሬሳውን እንደ ተራ ነገር አላየውም።

ወደ እኛው አገር ስንመለስ፣ መንዝ ውስጥ ከ10ኛው እስከ 14ኛው ምዕተ ዓመት የኖሩ፣ ክርስቲያንም ሙስሊምም ያልነበሩ ሰዎች የሠሯቸው የድንጋይ ክምር መቃብሮች አሉ፤ ተመራማሪዎች የእነዚህን ሰዎች ባህል «ሻይ» (Shay) ይሉታል፤ ስሙ ከሚጠጣው ሻይ ጋር አይገናኝም። ከሙታኑ ጋር የሸክላ ዕቃና የመስታወት ዶቃ ተቀምጧል። ከላይ ያን ሁሉ ድንጋይ መከመር ገለባ ከመመኘት ጋር የሚቃረን ይመስላል፤ ነገር ግን ከክምሮቹ አንዳንዶቹ ውስጣቸው በድንጋይ የታነጸ ክፍል ስለሆነ ክብደቱን የሚሸከመው ግንቡ እንጂ ሬሳው አይደለም።

ያለ ሣጥን የሚቀብር የገጠር ሰውም ቢሆን አፈሩን በቀጥታ አይመልስም። መጀመሪያ በሬሳው ላይ ጠፍጣፋ ድንጋይ ወይም እንጨት ይረበርባል፣ ክፍተቱን በጠጠር ይወትፋል፣ ፊቱ ላይ አፈር እንዳይፈስ አጎንብሶ ያያል፤ አካፋ የሚያነሣው ከዚያ በኋላ ነው።