ባስተር ኪተን፦ የሚወራው እና እውነታው

ድምፅ አልባ ፊልም ሲነሳ ቻርሊ ቻፕሊንን የማያውቅ የለም። የዘመን እኩያው ባስተር ኪተን ግን አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ፎቶ ነው የሚታወቀው። ጠፍጣፋ ባርኔጣ፣ ትልልቅ ዓይኖች፣ የማይፈታ ፊት። ያንን ፊት አይተን ከንፈር መምጠጥ ይቀናናል። ስለ እሱ የሚወራውም ከዚሁ ሐዘኔታ የወጣ ይመስላል። እኔን የሚቆጨኝ ይሄ ነው። ሰውየው የፊልምን ሥራ ከካሜራው የውስጥ ማርሽ ጀምሮ ጠንቅቆ የሚያውቅ ዳይሬክተር ነበር። እስቲ ስለ እሱ የሚወሩትን አንድ በአንድ እንያቸው። (ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«ፈገግ ብሎ አያውቅም»

ብሏል። በ1917 ፊልም ሲጀምር ከኮሜዲያኑ ሮስኮ አርባክል ጋር በሠራቸው አጫጭር ኮሜዲዎች ውስጥ ሲስቅም ሲያለቅስም ይታያል። ኮስታራው ፊት ኋላ የመጣ ምርጫ ነው፤ ሥሩ ደግሞ ልጅነቱ ነው። ኪተን በ1895 አሜሪካ፣ ካንሳስ ውስጥ ሲወለድ ወላጆቹ ከከተማ ከተማ እየዞሩ ትርኢት የሚያሳዩ ሰዎች ነበሩ። እሱም ገና በሕፃንነቱ መድረክ ላይ ወጣ። አባቱ አንስቶ ይወረውረዋል፤ ለመያዣ እንዲመች ልብሱ ጀርባ ላይ የሻንጣ እጀታ ተሰፍቶለት ነበር። ልጁ ታዲያ አንድ ነገር ገባው። ወድቆ ተነስቶ ሲስቅ ተመልካቹ ዝም ይላል፤ ኮስተር ሲል ግን አዳራሹ በሳቅ ይፈርሳል።

«ባስተር የሚለውን ስም ያወጣለት ሁዲኒ ነው»

ከካቴና በማምለጥ ጥበቡ የታወቀው ሁዲኒ ከቤተሰቡ ጋር አብሮ ሠርቷል፤ ኪተንም ታሪኩን እንዲሁ ይናገር ነበር። አባቱ ቀደም ሲል ሲያወራ ግን ከደረጃ የወደቀውን ሕፃን አይቶ ስሙን ያወጣው ጆርጅ ፓርዲ የተባለ ተዋናይ ነው ብሏል (ባስተር ያኔ ክፉ አወዳደቅ ማለት ነበር)። ሁዲኒ ስመ ጥር ሲሆን ታሪኩም ወደ እሱ ዞረ።

«አደገኛው ትዕይንት ሁሉ የካሜራ ማታለያ ነው»

እዚህ ላይ ሁለት ነገር ተቀላቅሏል። በ1928ቱ «ስቲምቦት ቢል ጁኒየር» ውስጥ የአንድ ቤት ፊት ለፊት ግድግዳ እንዳለ ይወድቅበታል። እሱ የሚተርፈው የተከፈተው መስኮት በቆመበት ቦታ ላይ ስለሚያርፍ ነው። ግድግዳው እውነተኛ ነው፤ የቆመውም ራሱ ነው። የመስኮቱ ስፋት ከትከሻው የሚበልጠው በጥቂት ጣት ብቻ ነበር። በ1924ቱ «ሼርሎክ ጁኒየር» ደግሞ ከባቡር ውኃ ማጠራቀሚያ የወረደ ውኃ ሐዲዱ ላይ ጣለው። ራሱን ቢያመውም ሥራውን ቀጠለ። ከዓመታት በኋላ ሐኪም በኤክስሬይ ሲያየው አንገቱ ተሰብሮ የዳነ ሆኖ ተገኘ።

በሌላ በኩል፣ ማንም ተክቶት አያውቅም የሚሉ አድናቂዎቹም ልክ አይደሉም። በ1927ቱ «ኮሌጅ» በምርኩዝ ዘሎ በመስኮት የሚገባው የኦሊምፒክ አሸናፊው ሊ ባርንስ ነው።

የካሜራ ጥበብ ከተነሳ ግን የ1921ዱን «ዘ ፕሌይሃውስ» ማየት ነው። በአንድ መድረክ ላይ ዘጠኝ ኪተኖች ጎን ለጎን ተሰልፈው ይጨፍራሉ። ኮምፒውተር በሌለበት ዘመን እንዴት ተሠራ? ሌንሱ ፊት ዘጠኝ መዝጊያዎች ያሉት ጥቁር ሣጥን ተገጠመ። አንዱን መዝጊያ ይከፍታሉ፣ ይቀርጻሉ፣ ይዘጋሉ። ፊልሙን ወደ ኋላ ያጠነጥኑና ቀጣዩን ይከፍታሉ። ያው ፊልም ዘጠኝ ጊዜ አለፈ ማለት ነው። ካሜራማኑ ኤልጂን ሌስሊ ካሜራውን የሚያዞረው በእጁ ስለነበር ዘጠኙንም ጊዜ ፍጥነቱ እኩል መሆን ነበረበት። ኪተንም ምት በሚቆጥር መሣሪያ እየተመራ እርምጃውን ይደግማል። ዘጠነኛው ላይ ቢሳሳቱ ስምንቱም ገደል ገቡ።

«‹ዘ ጄኔራል› ገና ሲወጣ ነው የተወደደው»

በፍጹም። ይህ የኪተን ፊልም በ1926 አሜሪካ፣ ኦሪገን ውስጥ ተቀረጸ። እውነተኛ የእንፋሎት ባቡር ከሚቃጠል ድልድይ ላይ ወንዝ ውስጥ ይገባል፤ ለዚያች አንዲት ትዕይንት ብቻ 42 ሺህ ዶላር ገደማ እንደወጣ ይነገራል። ያኔ ብዙዎቹ ተቺዎች አጣጣሉት፤ ወጪውንም በሚገባ አልመለሰም። ዛሬ ከምርጥ ፊልሞች ተርታ የሚጠራው ይኸው ሥራ ነው ለኪተን ነፃነቱን ማጣት መንገድ የጠረገው።

«ድምፅ ያለው ፊልም አጠፋው»

ከሁሉ የሚያበሳጨኝ ይሄ ነው። በመድረክ ላይ ያደገ ሰው መናገር እንዴት ያቅተዋል? ድምፅ ያላቸው ፊልሞቹማ ከድምፅ አልባዎቹ የተሻለ ገንዘብ አስገብተዋል። የጎዳው ሌላ ነው። በ1928 የራሱን ስቱዲዮ ትቶ ኤምጂኤም ከተባለው ትልቅ የፊልም ድርጅት ጋር ፈረመ። ቻፕሊንና ሌላው ኮሜዲያን ሃሮልድ ሎይድ ይቅርብህ ብለውት ነበር። ድሮ የታሪኩን መነሻና መድረሻ ብቻ ይዞ ይወጣል፤ መሃሉን ቦታው ላይ ከጓደኞቹ ጋር ይፈጥረዋል። ኤምጂኤም ውስጥ ግን ሁሉም ነገር አስቀድሞ ይጻፋል፣ ይጸድቃል፤ የሚወስኑት ሌሎች ናቸው። መጠጡ ባሰበት፣ ትዳሩ ፈረሰ፣ በ1933 ተባረረ። እሱ ራሱ ያንን ፊርማ የሕይወቴ ትልቁ ስህተት ብሎታል።

«ተረስቶ፣ ደህይቶ ሞተ»

ክፉ ዓመታት አሳልፏል፤ ባባረረው ድርጅት ውስጥ ለሌሎች ኮሜዲያን ቀልድ እየፈጠረ በአነስተኛ ደመወዝ ሠርቷል። ከዚያ በኋላ ያለው ግን ሌላ ነው። በ1940 ኤሊኖር ኖሪስን አገባ፤ እስከ ዕለተ ሞቱም አብረው ኖሩ። ቴሌቪዥን ላይ ሠራ፣ በ1960 የክብር ኦስካር ተቀበለ፣ በ1965 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታዳሚው ቆሞ አጨበጨበለት። በ1966 በሳንባ ካንሰር እስኪሞት ድረስ ሥራ አልፈታም።

በ1964 ካናዳ ውስጥ በሐዲድ ላይ በምትሄድ ትንሽ የሞተር ጋሪ አገር የሚያቋርጥ ሰው ሆኖ ሲሠራ ዕድሜው 69 አካባቢ ነበር። አንድ ትልቅ ካርታ ተጠቅልሎበት፣ ምንም ሳያይ ከፍ ያለ ድልድይ ላይ እንዲያልፍ ሐሳብ አመጣ። ዳይሬክተሩ አደገኛ ነው ብሎ ፈራ። ኪተን ተቆጣ፤ ምንም አደጋ የለውም ብሎ ተሟገተ። በመጨረሻም እንዳለው ድልድዩ ላይ ተቀረጸ።