ገላን እስከ ጥግ የሚፈትን ጥበብ፦ ፐርፎርማንስ አርት በጎጃሜ ዓይን

ፐርፎርማንስ አርት ሸራም ቀለምም ላያስፈልገው ይችላል። የሠሪው ገላ ራሱ ሥራው ይሆናል። ከዚህ ዘርፍ አንዱ ወገን ገላውን እስከ ጥግ ይገፋዋል፤ ሕመም፣ እንቅልፍ ማጣት፣ አንዳንዴም የሞት አደጋ ውስጥ ያስገባዋል። ደብረ ማርቆስ ላይ ይህን ብታወሩ "እብደት ነው" የሚል አይጠፋም። እኔ ግን ጎጃሜ ከብዙ ሰው ቀድሞ ይገባዋል ባይ ነኝ።

የዘርፉ ስም የገነነው በአስፈሪዎቹ ሥራዎች ነው። አሜሪካዊው አርቲስት ክሪስ በርደን እ.ኤ.አ. በ1971 ካሊፎርኒያ ውስጥ ግራ ክንዱን በጠመንጃ አስመታ። ተኳሹ ጓደኛው ነበር። አርቲስቷ ማሪና አብራሞቪች እ.ኤ.አ. በ1974 ጣሊያን፣ ኔፕልስ ላይ 72 ዕቃ ጠረጴዛ ላይ ዘርግታ 6 ሰዓት ዝም ብላ ቆመች። ጽጌረዳም፣ ማርም፣ መቀስም፣ ሽጉጥና አንድ ጥይትም ነበረበት። ተመልካቹ የፈለገውን እንዲያደርግባት ተፈቀደለት። መጀመሪያ ላይ ሰው ጨዋ ነበር። እየቆየ ልብሷን ቀደዱት፣ ቆዳዋን ቆረጡት፣ ሽጉጡንም አንገቷ ላይ ደገኑት። ያስጣሏት ሌሎች ተመልካቾች ናቸው። እዚህ ላይ የተፈተነው የእሷ ገላ ብቻ አይደለም፤ የተመልካቹም ልብ ነው።

ለእኔ ግን ከጥይት ይልቅ ጊዜ ይከብዳል። ታይዋን ተወልዶ ኒውዮርክ የኖረው አርቲስት ቴህቺንግ ሼ ከሚያዝያ 1980 እስከ ሚያዝያ 1981 (እ.ኤ.አ.) በየሰዓቱ፣ ሌሊቱንም ጨምሮ፣ ሠራተኛ መግቢያና መውጫውን በሚያስመዘግብበት የመቆጣጠሪያ ሰዓት ላይ ካርዱን ይመታ ነበር። ዓመቱን ሙሉ በአንድ ጊዜ ከአንድ ሰዓት በላይ ብዙም አልተኛም ማለት ነው። ከ8,760 ሰዓት ያመለጠው 133 ብቻ ነው። ቀጥሎም አንድ ዓመት በፈቃዱ ጣሪያ ሥር ሳይገባ ውጭ ኖረ።

ዲማ ጊዮርጊስ ወይም መርጡለ ማርያም የበዓል ማኅሌት ቆሞ ያነጋ ሰው ይህ ሰውዬ ይገባዋል። ማኅሌት ጸሎት እንጂ ትርዒት አይደለም፤ ሁለቱን አንድ ማድረግ ነውር ነው። የገላው ፈተና ግን ይመሳሰላል። ሳይንቀሳቀሱ ብዙ ሲቆሙ ደም እግር ላይ ይጠራቀማል፣ ራስ ያዞራል፣ አንዳንዱም ይወድቃል። የባት ጡንቻ ሲሠራ ደሙን ወደ ላይ ይመልሰዋል። በዝማሜና በሽብሸባ ገላ ስለሚንቀሳቀስ፣ መቋሚያውም ክብደት ስለሚያግዝ፣ ሊቃውንቱ እስኪነጋ ይዘልቃሉ።

ስለ ቅዱስ ያሬድ የሚነገረውም ይታወቃል። ሲዘምር ንጉሡ ገብረ መስቀል በዜማው ተመስጠው ጦራቸውን እግሩ ላይ ተከሉት፤ ደሙ ሲፈስ እሱም እሳቸውም አላወቁም። በርደን ቁስሉን ፈልጎ ሄደ። ያሬድ ቁስሉን ረሳው። ልዩነቱ ይህ ይመስለኛል።

ሌላም አለ። በማኅሌት ቀኝና ግራ ሆነው እየተቀባበሉ ያዜማሉ፤ አንዱ ወገን ሲል ሌላው ትንፋሽ ይሰበስባል። ሼ ዓመቱን ሙሉ ተቀባይ አልነበረውም።