ጮቄን በእግር፦ በጎጃም ደጋ የቀናት ጉዞና የገበሬ ቤት አዳር

ጮቄ በምሥራቅ ጎጃም፣ ከደብረ ማርቆስ በስተሰሜን የተንጣለለ ተራራማ አገር ነው። ከፍተኛው ቦታ ከባሕር ጠለል በላይ ከ4,000 ሜትር ያልፋል። ተራራ ሲባል ሹል ጫፍ የሚጠብቅ ሰው ግን መጀመሪያ ግር ይለዋል። ሽቅብ ሲሄድ ይውልና ዞር ሲል አገሩ ሁሉ ከሥሩ ሆኖ ያገኘዋል። የት ጋ ተራራው እንደ ጀመረ መለየት ይቸግራል።

ነገሩ ከአፈጣጠሩ ነው። ጮቄ ከ22 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከመሬት እየወጣ በፈሰሰ ቅልጥ አለት የተገነባ ጥንታዊ እሳተ ገሞራ ነው። ቅልጡ እየተደራረበ ወደ ጎን ስለ ሰፋ፣ ተራራው እንደ ጋሻ ዝርግና ሰፊ ሆነ። ከዚያ ወዲህ ዝናብና ወንዝ ቦረቦረው። ዛሬ የሚታየው ረጋ ያለ አቀበት፣ በመካከሉም ድንገት የሚገጥም ጥልቅ ሸለቆ ነው። ለእግረኛ ይህ መልካም ዜና ነው። ገመድ የሚያስፈልገው ገደል አይወጣም። የሚፈትነው ርቀቱ፣ ብርዱና የአየሩ መሳሳት ነው።

በቁመት ከሆነ ጮቄ ከራስ ዳሽን አይፎካከርም፤ የዚያኛው ጫፍ ከ4,500 ሜትር በላይ ነው። ከፍተኛውን ቦታ ረግጦ ፎቶ ለመነሳት ብቻ የሚመጣ ሰውም ብዙ ቀን አያስፈልገውም። ከደብረ ማርቆስ በረቡዕ ገበያ በኩል ወደ ድጎ ጽዮን የሚሻገረው የመኪና መንገድ ራሱ ከፍ ብሎ ነው የሚያልፈው። ታዲያ ለምን በእግር፣ ለምንስ ለቀናት? መልሱ ጮቄ ሰው የሚኖርበት ተራራ መሆኑ ነው። የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በ1978 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ጥብቅ ቦታ ነው። እዚያ መንገደኛው በአብዛኛው የሚያድረው በካምፕ፣ በድንኳን ነው። የግጭ መንደር ነዋሪዎችም ከፓርኩ ወጥተው ሌላ ቦታ ሰፍረዋል። ጮቄ ላይ ግን እርሻው እስከ 3,800 ሜትር አካባቢ ይወጣል። ጎጆውም አብሮት። መንገዱ ከመንደር ወደ መንደር ነው፤ ሲመሽም ያለው ቤት የገበሬ ቤት ነው። በእኔ እይታ የጮቄ ጉዞ ዋናው ነገር ጫፉ አይደለም፣ ማታ የሚገባበት ቤት ነው።

ሽቅብ ሲወጣ

የተለመደው መነሻ ደብረ ማርቆስ ነው። ከአዲስ አበባ 300 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። መንገዱ ጎሃ ጽዮን ላይ ወደ ዓባይ በረሃ ይወርዳል፤ በ2008 እ.ኤ.አ. የተመረቀውን የሕዳሴ ድልድይ ተሻግሮ ወደ ደጀን ይወጣል። ከተማዋ ራሷ ከ2,400 ሜትር በላይ ስለሆነች አንድ ሌሊት አድሮ መነሳቱ አይከፋም። ሳንባውም ይለምዳል። እግረ መንገድ የንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ቤተ መንግሥትና የማርቆስን ቤተ ክርስቲያን ማየት ይቻላል።

ከከተማው ዙሪያ ያለው ሜዳ የጤፍና የስንዴ አገር ነው። ወደ ላይ ሲወጣ ጤፉ ይቀራል። ገብስና ድንች ይተካል። ድንች ወደ ኢትዮጵያ የገባው በ1858 እ.ኤ.አ. ሺምፐር በሚባል ጀርመናዊ የዕፅዋት ተመራማሪ እጅ ነው ይባላል። ዛሬ ግን የጮቄን ሰው ያለ ድንች ማሰብ ይከብዳል። ከገብሱ ጎን እንግዶ የሚባለው እህል ይዘራል፤ ሌላው ሰብል እምቢ ባለው በተጎዳ መሬት ላይ ይበቅላል። እንግዶ በዝቶ ከታየ፣ መሬቱ ደክሟል ማለት ነው።

ከእርሻው በላይ አስታ የሚባለው ቁጥቋጦ ይመጣል፤ ከዚያ ጓሳ የሚባለው ሣር፣ ከጓሳው መሀል ደግሞ ጅብራ። ጅብራ ቀጥ ብሎ የሚቆም ተክል ነው፤ ቅጠሉ አናቱ ላይ ይሰበሰባል። ብዙ ዓመት ያድግና አንዴ ብቻ ያብባል። አብቦ ዘሩን ከበተነ በኋላ ይደርቃል። አገሬው ጓሳውን ለቤት ክዳንና ለገመድ፣ አስታውን ለማገዶ ይጠቀምበታል። ችግሩም እዚሁ ላይ ነው። ሰው ሲበዛ እርሻው ሽቅብ ገፋ፤ አስታው ተመናመነ፤ ዳገቱ በጎርፍ ታጠበ። በአንዳንዱ ተዳፋት እርከንና ከከብት የተከለለ ቦታ የሚታየው ለዚህ ነው። ቀይ ቀበሮን ለማየት የሚመጣ ካለ ወደ ባሌ ወይም ወደ ሰሜን ተራሮች ይሂድ፤ ከጎጃም ተራሮች ከጠፋ ቆይቷል።

ጮቄ «የውሃ ማማ» ይባላል። ሙጋ፣ ሱሃ፣ በቸት፣ ጨሞጋ፣ ተምጫ፣ ሌሎችም ብዙ ወንዞች ከዚሁ ይነሳሉ። ዓባይ ጎጃምን ዙሪያውን ስለሚያቅፍ፣ በየትኛውም አቅጣጫ የወረደ ውሃ ማረፊያው አንድ ነው። ሸንተረሩ ላይ ቆሞ አንዱን ምንጭ ወደ ምሥራቅ፣ አንዱን ወደ ምዕራብ ሲወርድ ማየት፣ ሁለቱም ዓባይ ላይ እንደሚገናኙ እያወቁ፣ ከጫፉ ፎቶ የበለጠ ደስ ይላል። ሳይፈላ ወይም ሳይታከም ግን አይጠጣም። ከላይ ከብት ይሰማራል።

የእግዜር እንግዳ

በጎጃም በእግር መሄድና በሰው ቤት ማደር አዲስ ነገር አይደለም። የቆሎ ተማሪው ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቦ፣ ከአንዱ ቅኔ ቤት ወደ ሌላው፣ ከዋሸራ ወደ ጎንጅ፣ ከጎንጅ ወደ ዲማ ሲል ኖሯል። ቅኔ ፍለጋ ከሸዋና ከወሎ ድረስ ይመጣል። «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ከየደጁ ቁራሽ እየለመነ ይማራል። ከውሻ ጋር ያለው ጠብ ለብቻው ታሪክ ነው።

መንገደኛም እንደዚሁ። የመሸበት ሰው ደጅ ቆሞ «ቤት ለእንግዳ!» ይላል። ከውስጥ «ቤት የእግዚአብሔር ነው» ይመለስለታል። ከዚያ በኋላ እንግዳው የእግዜር ነው። ከየት እንደ መጣ የሚጠየቀው ከበላና ካረፈ በኋላ ነው። እግሩ በሞቀ ውሃ ይታጠባል። ቀኑን ሙሉ ለተራመደ ሰው ከዚህ የሚሻል አቀባበል ያለ አይመስለኝም።

አሁን ያለው የመንደር አዳር የተተከለው በዚህ ልማድ ላይ ነው። ልዩነቱ ገንዘቡ ነው። አሠራሩ በአገራችን ሁለት መልክ አለው። አንዱ በወሎ በኩል፣ መቄት ላይ የታየው ነው፦ ማኅበረሰቡ ለእንግዳ ብሎ ጎጆ ይሠራል፣ ገቢውን ይካፈላል። ሁለተኛው እንግዳውን ቤተሰቡ ከሚኖርበት ቤት የሚያስገባው ነው። ቤቶቹ ተራ ይገባሉ፤ መንገድ መሪና አጋሰስ ጫኝ ለየብቻ ይከፈላቸዋል። የመጀመሪያው ምቾት አለው፤ ሁለተኛው ጨዋታ አለው። በ2022 እ.ኤ.አ. የተባበሩት መንግሥታት የዓለም ቱሪዝም ድርጅት የጮቄ ተራሮች ኢኮቱሪዝም መንደርን ከዓመቱ ምርጥ የቱሪዝም መንደሮች ዝርዝር አስገብቶታል። ዜናው ከተማ ውስጥ ደምቆ ነበር። ቤቱ ውስጥ ያለችው እናት ግን ያን ቀንም ውሃ መቅዳቷ አልቀረላትም።

ይህን የምለው ለጨዋታ አይደለም። የእንግዳ ሥራ በአብዛኛው የሴቷ ነው። እንጀራውን የምትጋግረው፣ ኩበቱን የምታነደው፣ ጠላውን የምትጠምቀው፣ ሌሊት ተነስታ እሳት የምትጭረው እሷ ናት። ክፍያው ግን ብዙ ጊዜ ከአባወራው እጅ ይገባል። ጉዞ የሚያደራጅ ሰው አንድ ነገር ብቻ ያስተካክል ቢባል ይህን ነው የምመርጠው፦ የአዳሩ ገንዘብ በቀጥታ ለእማወራዋ ይድረስ።

ገንዘብ አሰጣጡም ዘዴ ይፈልጋል። እንግዳ ተቀብሎ «ስንት ነው?» መባል ለብዙ ሽማግሌ ነውር ነው። «ቤቴ ሆቴል ነው እንዴ?» ይላል። ስለዚህ ሒሳቡ ቀድሞ በመንገድ መሪው በኩል ቢያልቅ ይሻላል። ባዶ እጅ አለመግባትም ደግ ነው። ቡና፣ ስኳር፣ ሳሙና፣ ጨው፤ ይህ ስጦታ እንጂ ክፍያ ስላልሆነ ማንንም አያሳፍርም። ለልጆች በየመንገዱ ከረሜላና ብር መበተኑ ግን ቢቀር። ልጁ ከብቱን ትቶ መኪና ማሳደድ ይለምዳል።

ሌሊቱን በሚመለከት

የጮቄ ቤት ክብ ነው፤ ክዳኑ ሣር ወይም ቆርቆሮ። ሣሩ ይሞቃል፣ ቆርቆሮው ዝናብ ሲመታው ያደነቁራል። በብርዱ ምክንያት ከብቶቹ ብዙ ጊዜ እዚያው ቤት ውስጥ ይታሰራሉ። ትንፋሻቸው ያሞቃል። እንግዳ የሚተኛው መደብ ላይ ነው፤ ከሥር አጎዛ ወይም ቁርበት ይነጠፋል፣ ከላይ ጋቢ። የራስን የመኝታ ከረጢት መያዝ ነውር የለውም። ከጥቅምት እስከ ጥር ሌሊቱ ውርጭ ነው፤ ጠዋት ጓሳው ነጭ ለብሶ ይታያል። ጭሱ ዓይን ያቃጥላል። ቁንጫም አለ፤ ማስመሰል አያስፈልግም። መጸዳጃ ቤቱ ከጓሮ በኩል ነው። ባትሪ ከሌለ ከውሻው ጋር ጨለማ ውስጥ መተዋወቅ ይመጣል።

ምግቡ የገብስ እንጀራ በሽሮ ወይም በድንች ወጥ ነው፤ ጠዋት ቅንጬ ወይም በሶ፤ ለመንገድ ቆሎ። ቡና በስኳር፣ ስኳር ሲጠፋ በጨው። የሚያደክመው ማጣት ሳይሆን መጥገብ ነው። «በቃኝ» ማለት እንደ መጀመሪያ ቃል ብቻ ነው የሚቆጠረው፤ «በሞቴ!»፣ «አፈር ስሆን!» ይከተላል። ጉርሻውን መቀበል ነው እንጂ ማምለጫ የለም። ለአረቄው ግን ልክ ማበጀት ያስፈልጋል። በ3,500 ሜትር ላይ አንድ መለኪያ ከተማ ውስጥ ከለመዱት በላይ ይከብዳል፤ ራስ ምታቱም የከፍታው ይሁን የአረቄው መለየት ያቅታል።

ብዙ ጉዞ አደራጅ የሚረሳው አንድ ነገር ጾም ነው። ለእግር ጉዞ የሚመረጠው ክረምቱ ካለፈ በኋላ፣ ከጥቅምት ጀምሮ ያለው ጊዜ ነው። ከኅዳር 15 ጀምሮ እስከ ገና ዋዜማ ጾመ ነቢያት ይገባል። ከዚያ ትንሽ ቆይቶ ዐቢይ ጾም ይመጣል። ረቡዕና ዓርብማ ሁሌም አሉ። ስለዚህ ወተትና ቅቤ አገሩን ሞልቶት እንግዳው የሚቀርብለት ሽሮ ሊሆን ይችላል። የማይጾም እንግዳ እንቁላል ይዤ ልምጣ ቢል፣ በእማወራዋ ድስት ውስጥ መቀቀል የለበትም። ብዙ ሰው ስለ ይሉኝታ ዝም ይላል እንጂ ቅር ይለዋል። ፍስክ የሚፈልግ ሰው ከገና እስከ ዐቢይ ጾም ያለችውን አጭር ጊዜ ይምረጥ፤ ከጥር በዓላት ጋር ስትገጥም አገሩ ሁሉ ጭፈራ ነው።

ስንት ቀን? ሦስት ወይም አራት ቢመደብ ጥሩ ነው። በመጀመሪያው ቀን ብዙ ከፍታ አይወጣም። ራስ ምታት፣ ማቅለሽለሽ፣ እንቅልፍ ማጣት ከመጣ እዚያው ማረፍ፣ ካልተሻለ መውረድ ነው። ዕቃ በፈረስ ወይም በአህያ ይጫናል። ጥሩ ጫማ ያስፈልጋል፤ ምንም እንኳ በረባሶ ያጠለቀ ገበሬ ዱላውን ትከሻው ላይ ጋደም አድርጎ እየተጫወተ ቢያልፍም። እሱ እዚሁ ነው ያደገው። በክረምት መሞከር አይመከርም፤ ጭቃው፣ በረዶውና ጉሙ አንድ ላይ ይመጣሉ።

መውረጃው እንደ ፍላጎት ነው። በድጎ ጽዮን በኩል የወረደ ወደ ሞጣ ይደርሳል፣ ከዚያም ወደ ባሕር ዳር። በምሥራቁ ተዳፋት የወረደ ወደ ቢቸና፣ ወደ አርበኛው በላይ ዘለቀ አገር ይገባል። ዲማ ጊዮርጊስም በዚያው አካባቢ ነው። አንድ ሁለት ቀን የጨመረ እቴጌ እሌኒ በ16ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ያሠሯትን የመርጡለ ማርያምን ቤተ ክርስቲያን ፍርስራሽ ሊያይ ይችላል። የግሽ ዓባይ ምንጭ ግን በሌላ በኩል፣ በምዕራብ ጎጃም ሰከላ ነው፤ ከጮቄ ጋር በአንድ ጉዞ መጠቅለል እግርንም ጊዜንም ያደክማል።

በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ በአማራ ክልል የተነሳው ግጭት የጎጃምን መንገዶች ክፉኛ ጎድቷል፤ እንግዳውም ቀንሷል። ከላይ የተጻፈው ሁሉ አገር ሰላም ሲሆን ነው። ለመሄድ ያሰበ ሰው አስቀድሞ መንገድ መሪውንና መንደሩን ያነጋግር። እነሱ «ቆይ» ካሉ መቆየት ነው። ቆርጦ የሚሄድም የቀበሌው ሰዎች ሳያውቁት አይውጣ።