የሲኒ አገር ሰዎች፦ ስለ ጂንግደዠን የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ቡና የምንጠጣበት «ሲኒ» ስሙን ያገኘው ከዐረብኛ ነው፤ ትርጉሙም «ቻይናዊ» ማለት ነው። ቃሉን በየቀኑ እንጠራዋለን። እነዚያን ነጫጭ ዕቃዎች እነማን እንደሠሯቸው ሲነሣ ግን ወሬው ሁሉ ስለ ንጉሠ ነገሥቱና ስለ አንድ ምሥጢረኛ ጥበበኛ ይሆናል። ሠራተኞቹ ይረሳሉ፤ እኔን የሚቆጨኝም ይኸው ነው። ስለዚህ በደቡብ ቻይና፣ በጂያንግሺ ክፍለ ሀገር ስላለችው የሲኒ ሠሪዎች ከተማ፣ ስለ ጂንግደዠን ልንገራችሁ። ዘመኑ የሚንግ (1368–1644) እና የቺንግ (1644–1912) ሥርወ መንግሥት ነው፤ ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«አንዱን ዕቃ አንድ ጥበበኛ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይሠራዋል»

ይህ ከሁሉ የከፋው ስሕተት ነው። ሶንግ ዪንግሺንግ በ1637 ባሳተመው የእጅ ሙያ መጽሐፍ አንድ ሲኒ ተሠርቶ እስኪያልቅ በ72 እጅ እንደሚያልፍ ጽፏል። በ1712 ስለ ከተማዋ ረጅም ደብዳቤ የጻፈው ፈረንሳዊው ሚስዮናዊ ዳንትሬኮልም 70 ያህል ይላል።

ሥራው ከወንዝ ዳር ይጀምራል። ውሃ የሚያነሣውና የሚጥለው መዶሻ ለሲኒ የሚሆነውን ድንጋይ ያደቅቀዋል፤ ዱቄቱ በውሃ ተበጥብጦ ይዘቅጥና ዝቃጩ በጡብ ቅርጽ ይደርቃል። ከዚያ ከነጭ አፈር ጋር ይለወሳል። ዛሬ ዓለም ሁሉ ካኦሊን የሚለው ይህ አፈር ስሙን የወሰደው በአቅራቢያው ካለው ከጋኦሊንግ ነው። ጭቃውን አንዱ እያሽከረከረ ቅርጽ ያወጣለታል፣ ሌላው ቅርጽ ማውጫ ላይ ደፍቶ ያስተካክለዋል፣ ሲጠነፍፍ ደግሞ ሌላው በስለት ይልገዋል። ሥዕሉ ጋ ሲደርስ ክፍፍሉ ይብሳል። ዳንትሬኮል እንደጻፈው አንዱ ሰው ከንፈሩ ላይ ያለውን ቀለበት ብቻ ይሥላል፤ አንዱ የአበባውን መስመር ያወጣል፣ ሌላው ቀለሙን ይሞላዋል፤ ተራራና ውሃ የሚሥለው አንድ፣ ወፍና እንስሳ የሚሥለው ሌላ ነው።

እኔ በጣም የምወዳት ነገር ግን የሲኒው እግር ነች። ሠዓሊውም፣ የሚያብረቀርቀውን ቅብ የሚቀባውም የሚጨብጡት እንዲያገኙ፣ የሲኒው ታች እስከ መጨረሻው ድረስ ድፍን ጭቃ ሆኖ ይቆያል። ቅቡ ካለቀ በኋላ ብቻ ተፍቆ እግር ይወጣለታል። ሲኒያችሁን ገልብጣችሁ ብታዩ ሳይቀባ የቀረውን ሻካራ ቀለበት ታገኙ ይሆናል።

ከዚያ እሳት ነው። ዕቃው በሸክላ ሣጥን ውስጥ ገብቶ እቶኑ ውስጥ ይደረደራል፤ የጥድ እንጨት ይነድድበታል፤ ሙቀቱ ወደ 1300 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይደርሳል። ቴርሞሜትር በሌለበት ዘመን የእቶኑ አለቃ የነበልባሉን መልክ አይቶ ይወስናል። እሱ ከተሳሳተ የሰባ ሰው ድካም አብሮ ይበላሻል።

«ሁሉም ለቤተ መንግሥት ነበር፤ ቻይናም በሯን ዘግታ ነበር»

ቤተ መንግሥቱ በከተማዋ የራሱ የእቶን ግቢ ነበረው። ብዙውን ዕቃ የሚያወጡት ግን የግል እቶኖች ናቸው፤ ከ16ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ የንጉሠ ነገሥቱ ትእዛዝ ራሱ በእነሱ ይተኮስ ነበር። ከ1757 በኋላ የአውሮፓ መርከቦች በጓንግዡ ወደብ ብቻ እንዲነግዱ መወሰኑ እውነት ነው፤ ሆኖም በዚያ አንድ በር የሚወጣው ዕቃ ብዙ ነበር። ከውሳኔው ጥቂት ቀደም ብሎ፣ በ1752፣ ኸልደርማልሰን የተባለች የሆላንድ መርከብ ከዚያው ወደብ ተነሥታ ሰጠመች። በ1980ዎቹ ከባሕር ሥር ከ150,000 በላይ የሸክላ ዕቃ ወጣላት። አንዲት መርከብ!

«የቻይና ከተማ ማለት ቅጥርና ገዥ ያለው ነው»

ጂንግደዠን ቅጥር አልነበራትም። የወረዳ ዋና ከተማ እንኳ አልነበረችም፤ የምትተዳደረው ከፉልያንግ ወረዳ ነበር። ከተማ ያደረጋት ሥራው ነው። እቶኑን በብዛት የያዙት ከዱቻንግ የመጡ ሰዎች፣ ገንዘቡንና ንግዱን የያዙት ደግሞ የኋይዡ ነጋዴዎች ነበሩ። እያንዳንዱ ወገን የአገሩ ልጆች የሚሰበሰቡበት አዳራሽ ነበረው፤ እዚያው ይመለካል፣ እዚያው ይመከራል።

«ሃይማኖታቸው የኮንፊሽየስ ትምህርት ብቻ ነው፤ ሠራተኛውም አንገቱን የደፋ ነው»

ለዚህ የቶንግ ቢንን ታሪክ መናገር ይበቃል። በ1599 ንጉሠ ነገሥት ዋንሊ ፓን ሺያንግ የተባለ ጃንደረባ ቀረጥ እንዲሰበስብና እቶኖቹን እንዲቆጣጠር ልኮት ነበር። የታዘዙት ዘንዶ የተሣለባቸው ግዙፍ ጋኖች ነበሩ። ጋኖቹ በእሳት ውስጥ እየተሰነጠቁ አስቸገሩ፤ ሠራተኞቹም ተገረፉ፣ ተራቡ። የእቶን ሠራተኛው ቶንግ ቢን ይህን ማየት አልቻለም፤ ዘሎ እሳቱ ውስጥ ገባ። በማግስቱ ጋኖቹ ደኅና ወጡ ይላል ትውፊቱ። ሰዉ ግን ዝም አላለም፤ ዐመፀ። ለቶንግ ቢንም ቤተ መቅደስ ተሠራለት፤ የነፋስና የእሳት ጌታ ተብሎ እቶን ሠሪዎች ዕጣን ያጤሱለት ጀመር። ቡድሃንም፣ የዳዎ አማልክትንም፣ የአባቶችን መንፈስም የሚያከብር ሕዝብ፣ በላያቸው ላይ የራሱን የሥራ ባልደረባ ጨመረ።

ይህ ቁጣ የጂንግደዠን ብቻ አልነበረም። በ1601 የሱጆው ከተማ ሸማኔዎች በሌላ ጃንደረባ ቀረጥ ተማረው ተነሡ፤ ቀራጮችን ገደሉ፣ ቤቶች አቃጠሉ። ሌሎች እንዳይያዙ ብሎ ጥፋቱን በራሱ ላይ ወስዶ እጁን የሰጠው ጌ ሺያን የተባለ ሰው ነበር፤ ብዙ ዓመት ታሰረ።

ሹማምንቱን ሁሉ ክፉ ማድረግም ልክ አይደለም። በ1728 የቤተ መንግሥቱን እቶን ሊመራ የመጣው ታንግ ዪንግ ስለ ሥራው ምንም አያውቅም ነበር። ራሱ እንደጻፈው ጉብኝትና ግብዣ ትቶ ሦስት ዓመት ሙሉ ከሠራተኞቹ ጋር በላ፣ ከእነሱ ጋር አደረ። የቶንግ ቢንንም ታሪክ የጻፈው እሱ ነው። አንድ ቀን ከዚያ የሚንግ ዘመን ጋኖች አንዱን፣ ተሰንጥቆ ጥግ ላይ ተጥሎ አገኘው። አስነሥቶ በቶንግ ቢን ቤተ መቅደስ አጠገብ፣ ከፍ ባለ መደብ ላይ አስቀመጠው።