የዶውሮ ሸለቆ፦ ወሰኑ በድንጋይ የተከለለ የወይን አገር

ዶውሮ በሰሜን ፖርቱጋል የሚገኝ፣ በሕግ የተከለለ የወይን አገር ነው። ስሙን ያገኘው ከስፔን ተነሥቶ ፖርቶ ከተማ ላይ አትላንቲክን ከሚቀላቀለው ወንዝ ነው። ፖርት የሚባለው ጣፋጭና ጠንካራ ወይን ጠጅ የሚመረተው እዚህ ሸለቆ ውስጥ ቢሆንም፣ ስም ያወጣለት ይጫንበት የነበረው የፖርቶ ወደብ ነው። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ወይን በሸለቆው ከሮማውያን ዘመን ጀምሮ ይተከል ነበር። ዶውሮን ዶውሮ ያደረገው ግን 18ኛው መቶ ዘመን ነው። በ1703 በእንግሊዝና በፖርቱጋል መካከል የተፈረመው የሜቱየን ውል የፖርቱጋል ወይን ጠጅ እንግሊዝ ሲገባ ከፈረንሳዩ ያነሰ ቀረጥ እንዲከፈልበት አደረገ። ገበያው ደራ፤ ማጭበርበሩም ተከተለ። ጠጁ ጠቆር እንዲል ሳቡጌይሮ የሚባል ቁጥቋጦ ፍሬ ይጨመቅበት ጀመር። በ1750ዎቹ ዋጋው ሲወድቅ እንግሊዛውያን ነጋዴዎች ገበሬውን፣ ገበሬው ደግሞ ነጋዴዎቹን ይከስስ ነበር።

ነገሩን የቆረጠው በኋላ የፖምባል ማርኪስ የተባለው የንጉሥ ጆዜ ቀዳማዊ ኃያል ሚኒስትር ነው። ሴፕቴምበር 10 ቀን 1756 በንጉሣዊ ደብዳቤ ወይኑን የሚቆጣጠር ኩባንያ ተቋቋመ። የሳቡጌይሮው ቁጥቋጦ ከሥሩ እንዲነቀል ታዘዘ። ለወሰኑ ምልክት በ1758 201፣ በ1761 ደግሞ 134 የግራናይት ድንጋይ ምሰሶዎች ተተከሉ፤ ከእነዚህ የተወሰኑት ዛሬም በወይኑ መካከል ቆመዋል። ኩባንያው የመጠጥ ንግዱን ለብቻው በመያዙ በ1757 የፖርቶ ሕዝብ ተነሥቶበት፣ በርካታ ሰዎች በስቅላት ተቀጡ። ሥርዓቱ ጥሩ ነበር፤ የተተከለው ግን በደም ነው።

ዶውሮ «በዓለም የመጀመሪያው የተከለለ የወይን አገር» ነው ይባላል። ለጣሊያኑ ኪያንቲ በ1716፣ ለሃንጋሪው ቶካይ በ1737 ወሰን የሚያበጅ አዋጅ ወጥቶ ስለነበር ይህ ያከራክራል። ሆኖም ወሰንን፣ የጥራት ደረጃንና ተቆጣጣሪን በአንድነት ያቆመ ዶውሮ ነው ቢባል ስሕተት አይመስልም።

መሬቱ ንጣፍ በንጣፍ የሚሰነጠቅ ሺስት የሚባል ድንጋይ ነው። የወይኑ ሥር በስንጥቁ ገብቶ ውኃ ፍለጋ ወደ ታች ይወርዳል። የማራው ተራሮች የአትላንቲክን ዝናብ ስለሚጋርዱ፣ ወደ ስፔን ድንበር በቀረቡ ቁጥር አገሩ ደረቅ ይሆናል፤ የበጋው ሙቀት 40 ዲግሪ የሚያልፍበት ቀን አለ። ገበሬው ገደሉን ፈልፍሎ፣ ያለ ጭቃ ድንጋይ ክቦ እርከን ሠርቷል። የኮንሶን እርከን ያየ ሰው ድካሙን ሳይነገረው ያውቀዋል። ዩኔስኮም ዶውሮን በ2001፣ ኮንሶን በ2011 በዓለም ቅርስነት መዝግቧቸዋል።

የተፈቀዱት የወይን ዝርያዎች ከመቶ ይበልጣሉ፤ በአሮጌ ማሳዎች ተደባልቀው ይገኛሉ። በ1981 ለጥቁሩ ወይን አምስት ዝርያዎች ተመርጠው ቀረቡ። ቱሪጋ ናሲዮናል ፍሬዋ ደቃቅ፣ ምርቷም ጥቂት ነው፤ ቀለሟና መዓዛዋ ግን አቻ የለውም። ብዙ የሚተከለው ቱሪጋ ፍራንካ ነው። ስፔኖች ቴምፕራኒዮ የሚሉት እዚህ ቲንታ ሮሪዝ ይባላል፤ ቲንታ ባሮካና ቲንቶ ካውም አሉ። ከነጮቹ ራቢጋቶ፣ ቪዮዚኞና ጎቬዮ ይጠቀሳሉ።

ዘለላው ከተለቀመ በኋላ፣ በአንዳንድ ቤት እስከ ዛሬ በድንጋይ መጥመቂያ ውስጥ በእግር ይረገጣል። ፍላቱ ሳይጨርስ፣ ጣፋጭነቱ እንዳለ፣ 77 በመቶ የአልኮል መጠን ያለው የወይን አረቄ ይጨመርበታል፤ ከጠቅላላው አንድ አምስተኛ ያህል ይሆናል። እርሾው ይሞታል፣ ስኳሩ ይቀራል፣ ጠጁም ወደ 20 በመቶ አልኮል ይደርሳል።

በ19ኛው መቶ ዘመን ሁለተኛ አጋማሽ ፊሎክሴራ የተባለ ተባይ የወይኑን ሥር በልቶ ብዙ እርከን ባዶ አስቀረ።

በርሜሉ በፊት ራቤሎ በሚባል ጠፍጣፋ ጀልባ ወንዙን ወርዶ ከፖርቶ ማዶ ባለችው ቪላ ኖቫ ዴ ጋያ ከተማ ይከማች ነበር። ወደ ውጭ የሚላከውም ከዚያ ብቻ ነበር። በ1986 ሕጉ ሲቀየር የሸለቆው ገበሬ የራሱን ፖርት ከራሱ ጓሮ በራሱ ስም ለዓለም መላክ ተፈቀደለት።