ቱርክ የሌለበት «ቱርኮች»፦ ስለ ባስክ መንደር ቴአትር የሚወራውና እውነታው

ባስኮች በፈረንሳይና በስፔን ድንበር ወዲያና ወዲህ የሚኖሩ ሕዝብ ናቸው። በፈረንሳይ በኩል፣ ፒረኔ ተራሮች ሥር፣ ዙቤሮዋ የምትባል ትንሽ የባስክ አገር አለች። ሕዝቧ 15 ሺህ ገደማ ቢሆን ነው። በሐምሌና በነሐሴ እዚያ አንድ መንደር ሆ ብሎ ይወጣና «ፓስቶራል» የሚባለውን ቴአትር ያሳያል። ተራው በሌላ ዓመት የሌላ መንደር ነው። ስለዚህ ቴአትር ከሚወራው ግን ብዙው ልክ አይደለም።

«የእረኞች ታሪክ ነው»

ስሙ ነው ያሳሳተን፤ «ፓስቶራል» ቃሉ የእረኛ ማለት ነውና። ታሪኩ የቅዱሳን፣ የነገሥታትና የጦርነት ነው። በጎቹ ግን አይቀሩም፤ እውነተኛ መንጋ መድረኩን ሲያቋርጥ ማየት የተለመደ ነው።

«ተዋናዮቹ ባለሙያዎች ናቸው»

ገበሬ፣ ባለሱቅ፣ ተማሪ፣ ጡረተኛ ናቸው። የብርዱን ወራት ማታ ማታ ሲለማመዱ ይከርማሉ። ትወናውም በቴሌቪዥን የለመድነው ዓይነት አይደለም። ተዋናዩ እንባ አያፈስም። ግጥሙን እያዜመ ወዲያ ወዲህ ይመላለሳል። ደጎቹ ሰማያዊ ይለብሳሉ፣ ክፉዎቹ ቀይ። ሰማያዊዎቹ በእርጋታ ይራመዳሉ፤ ቀዮቹ ወለሉን እየደበደቡ ይፎክራሉ። ቀዮቹ በልማድ «ቱርኮች» ናቸው፣ በታሪኩ አንድም ቱርክ ባይኖር! በየመሃሉ ሰይጣኖቹ እየጨፈሩ ይገባሉ። እውነቱን ለመናገር እኔ ብሆን የምመርጠው የሰይጣኖቹን ሚና ነው። ችግሩ፣ እሱ የሚሰጠው ለጎበዝ ጨፋሪ ነው።

«ሳይነኩት ስላቆዩት ነው የተረፈው»

ይሄኛው ትልቁ ስህተት ነው። ያተረፈው የነካው ሰው ነው፤ ያውም ገበሬ። ፒየር ቦርዳሳሬ (እ.ኤ.አ. 1908–1979) የኢሩሪ መንደር ሰው ነበር። ያርሳል፣ ይዘፍናል፣ ዋሽንት ይነፋል። ሰዉ የሚያውቀው ኤቻሁን ኢሩሪ በሚለው ስሙ ነው። ከእሱ በፊት መድረኩ የሻርለማኝና የናፖሊዮን ዓይነት ሰዎች ነበር። እሱ በ1953 የዚያችኑ አገር ገጣሚ፣ የ19ኛው መቶ ዘመኑን ኤቻሁንን (በስም ይመሳሰላሉ እንጂ ሌላ ሰው ነው)፣ ባለታሪክ አድርጎ አመጣ። በ1955 ደግሞ ማታላስን ጻፈ። ማታላስ በ1661 ገበሬዎችን አስነስቶ አንገቱን የተቀላ ቄስ ነው። ሰዉ በድንገት የራሱን ታሪክ አየ። ሌላም የተለወጠ አለ። ድሮ ትርኢቱ ወይ የወንዶች ብቻ ወይ የሴቶች ብቻ ነበር፤ ዛሬ አብረው ይጫወታሉ።

«ባስክኛ የስፔንኛ ቀበልኛ ነው»

በጭራሽ። የታወቀ ዘመድ የሌለው ቋንቋ ነው። በፈረንሳይ ግዛት ደግሞ ኦፊሴላዊ ቋንቋ አይደለም። ስለዚህ እቤቱ ፈረንሳይኛ ሲያወራ የሚውል ወጣትም ሚና ከተሰጠው ግጥሙን በዙቤሮዋ ባስክኛ በቃሉ መያዝ አለበት። ሲሳሳት የሚያርመው አብሮት የሚለማመድ የሰፈሩ ሽማግሌ ነው።