ባሕረ ሐሳብ የተደበቀ ብራና አይደለም፣ ሒሳብ ነው

ዐቢይ ጾም በተቃረበ ቁጥር ያው ወሬ ይነሣል። የጊዜን ካርታ የያዘ ጥንታዊ ብራና በአንድ ገዳም ተደብቋል፣ የዓለም መጨረሻ ተጽፎበታል፣ ስሙም ባሕረ ሐሳብ ነው ይባላል። እንዲህ ያለ ብራና የለም። ባሕረ ሐሳብ አጾማትና በዓላት የሚውሉበትን ቀን የሚያወጣ ስሌት ነው። በብዙ ብራናዎች ላይ ተገልብጦ ይገኛል፣ በአብነት ትምህርት ቤት በቃል ይጠናል፣ ታትሞም ይሸጣል። ስም ቆጥሮ ዕድል የሚናገረው ዐውደ ነገሥት ነው፤ ሁለቱን ማምታታት ይብቃ።

«ከዓለም ሰባት ዓመት ወደኋላ ቀርተናል» የሚሉም አሉ። ልዩነቱ ጌታ የተወለደበትን ዓመት ከማስላት የመጣ ነው፤ እኛ የእስክንድርያን ቁጥር ያዝን፣ ምዕራባውያን በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የኖረውን የመነኩሴውን የዲዮናስዮስን ያዙ። 13ኛ ወርም የእኛ ብቻ አይደለም፣ ግብጻውያን ክርስቲያኖችም አላቸው።

«ድሜጥሮስ ብቻውን ደረሰው» የሚለውም መታረም አለበት። ትውፊቱ ለእስክንድርያው 12ኛ ፓትርያርክ ይሰጠዋል፤ ክብሩ እንደተጠበቀ ነው። ነገር ግን ስሌቱ የቆመበትን፣ የፀሐይና የጨረቃ ቆጠራ የሚገጣጠምበትን የ19 ዓመት ዙር አቴናዊው ሜቶን በ432 ከክርስቶስ ልደት በፊት አስተዋውቆታል። ከአዳም እስከ ክርስቶስ 5500 ዓመት የሚለውን ዘመን ቆጠራ ያደራጀው እስክንድርያዊው መነኩሴ አንያኖስ ደግሞ የ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ሰው ነው።

«አቆጣጠራችን ከመጽሐፈ ሔኖክ የወጣ ነው» ለሚሉት ጥቂት ማብራራት ያስፈልጋል፤ የጊዜ ካርታ የሚባል ነገር ካለ ለዚያ የሚቀርበው እሱ ነውና። ከምዕራፍ 72 ጀምሮ ፀሐይ በምሥራቅ ባሉ ስድስት ደጆች ትወጣለች፣ በምዕራብም ባሉ ስድስት ደጆች ትገባለች። ቀንና ሌሊት በ18 ክፍል ተከፍለው፣ በረጅሙ ቀን 12ቱ ለቀን፣ 6ቱ ለሌሊት ይሆናሉ፤ ቀኑ የሌሊቱ እጥፍ ማለት ነው። አዲስ አበባ ላይ የቀንና የሌሊት ልዩነት አንድ ሰዓት ተኩል እንኳ አይሞላም። የሔኖክ ዓመት ደግሞ 364 ቀን ነው። በእሱ ብንቆጥር በየዓመቱ አንድ ቀን ከሩብ እየጎደለ፣ በ24 ዓመት እንቁጣጣሽ አንድ ወር ቀድሞ ነሐሴ ዝናብ ውስጥ ይገባ ነበር።

ከሁሉ የሚያሳዝነው ግን «ሊቅ ካልሆኑ አይቻልም» የሚለው ነው። ይህ አባባል ስንቱን ወጣት ገና እርሳስ ሳያነሣ አስቀርቶታል! የሚጠይቀው መደመር፣ መቀነስ፣ ማባዛትና ማካፈል ነው። 2018ን እናውጣ።

5500 ሲደመር 2018፣ ዓመተ ዓለም 7518 ይሆናል። በ19 ሲገደፍ (ሲካፈል) 13 ይተርፋል። የእጅ ስልክ 395.68 ብሎ ስለሚመልስ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል፤ የሚፈለገው ቀሪው እንጂ ከነጥቡ በኋላ ያለው አይደለም። 395ን በ19 አባዝተው 7505 ሲያገኙ፣ ከ7518 ይቀንሱት። ከ13ቱ አንድ ለዘመን ይተዋል፤ የሚቀረው 12 ወንበር ይባላል። ይህን አንድ የረሳ ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ ይበላሽበታል።

ወንበር በ11 ተባዝቶ 132፣ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው አበቅቴ ይባላል፣ 12። ወንበር በ19 ተባዝቶ 228፣ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው መጥቅዕ ይባላል፣ 18። የአበቅቴና የመጥቅዕ ድምር ምንጊዜም 30 ነው፤ ካልሆነ ስሌቱን እንደገና ይጀምሩ። (ወንበሩ ዜሮ ሲሆን አበቅቴ ዜሮ፣ መጥቅዕ 30 ይባላል።)

መጥቅዕ የወር ቀን ሆኖ፣ ከ14 ከበለጠ በመስከረም፣ ካነሰ በጥቅምት ይውላል፤ 14 ራሱ አይመጣም። የ2018ቱ መስከረም 18 ነው። ዕለቱን ለማወቅ የ7518 ሩብ (ከነጥቡ በኋላ ያለው ተትቶ)፣ 1879፣ ከራሱ ከ7518 ጋር ይደመርና 9397 ይሆናል፤ በ7 ሲገደፍ 3 ይተርፋል። 1 ማክሰኞ፣ 2 ረቡዕ፣ 3 ሐሙስ እያሉ ሲቆጥሩ መስከረም 1 ሐሙስ፣ መስከረም 18 እሑድ ይሆናል። መጥቅዕ በዋለበት ዕለት የሚጨመረው ቁጥር፣ የዕለት ተውሳክ፣ ከቅዳሜ 8 ጀምሮ በየቀኑ አንድ እየቀነሰ ዓርብ 2 ላይ ያበቃል፤ የእሑድ 7 ነው። 18 እና 7 ሲደመር 25፣ ይህም መባጃ ሐመር ይባላል። መጥቅዕ በመስከረም ውሎ ድምሩ ከ30 ካላለፈ ጾመ ነነዌ በጥር ነው፤ ካለፈ 30ው ተቀንሶ በየካቲት ይሆናል። ስለዚህ ነነዌ ጥር 25 ነው። የዐቢይ ጾም ተውሳክ 14 ሲጨመር 39፣ ማለትም የካቲት 9። ትንሣኤ ከነነዌ ሁለት ወር ከ9 ቀን በኋላ ስለሚውል፣ ተውሳኩ 9 በ25 ላይ ሲጨመር 34፣ ማለትም ሚያዝያ 4።

«ነነዌ ሰኞ ከዋለ ልክ ነው» የሚለው ማረጋገጫም አያዋጣም። የ2019 መጥቅዕ 7 ስለሆነ በጥቅምት መዋል አለበት። አንድ ሰው ቸኩሎ መስከረም 7 ቢያደርገው ዕለቱ ሐሙስ፣ ተውሳኩ 3፣ ነነዌም ጥር 10 ይወጣል። ያም ሰኞ ነው! ነነዌ ግን ከጥር 17 በፊት፣ ከየካቲት 21 በኋላ አይውልም፤ ጥር 10 ደግሞ ከተራ ነው። ትክክለኛው ጥቅምት 7 ቅዳሜ ነው፤ መጥቅዕ በጥቅምት ሲውል ነነዌ በየካቲት ስለሆነ 7 እና 8 ተደምሮ ነነዌ የካቲት 15፣ ትንሣኤ ሚያዝያ 24 ይሆናል።